ፐርሴዎስ ለሄራክለስ ምኑ ነው? ከአንድ ጥያቄ የተነሳ ረጅም የዘር ቆጠራ

የመክፈቻ ጥያቄ

ስለ ጥንታዊ የግሪክ ተረቶች በምንወያይበት መድረክ ላይ ይህን ጥያቄ ያነሳሁት እኔ ነኝ። ጥያቄዬ አጭር ነበረች። የሜዱሳን አንገት የቆረጠው ፐርሴዎስ ለሄራክለስ፣ ብዙዎቻችን ሄርኩለስ ለምንለው ጀግና፣ ምኑ ነው? አንዱ ወንድሙ ነው ይላል። ሌላው ቅድመ አያቱ ነው ይላል። ሁለቱም ልክ ሊሆኑ ይችላሉ ወይ ብዬ ጠየቅኩ። አያይዤም አንድ ነገር አነሳሁ። በዚህ ቤተሰብ ውስጥ አባቶችን ብቻ እየቆጠርን ከሄድን ዋናዋ ሰው ታመልጠናለች አልኩ። ማን እንደሆነች ግን አልተናገርኩም። ሰው ራሱ እንዲደርስባት ፈልጌ ነው።

ክሩ፣ ማለትም የጥያቄና መልሱ ሰንሰለት፣ ረዘመ። አዲስ የሚገባ ሰው ሁሉንም ማንበብ ስለሚከብደው ማን ምን እንዳለ በተራ ቁጥሩ አወጋችኋለሁ። «አመሰግናለሁ» ብቻ የሚሉትን ዘልያለሁ።

መልስ 1

ቀድማ የመለሰችው አንዲት የሒሳብ አስተማሪ ናት። ሁለቱም ልክ ነው አለች፤ መስመሩንም አስቀመጠችው። የአማልክቱ አለቃ ዜውስ ከዳናኤ ፐርሴዎስን ወለደ። ፐርሴዎስ ኤሌክትሪዮንን ወለደ። ኤሌክትሪዮን አልክሜናን ወለደ። ከዚያ ዜውስ ራሱ ተመልሶ መጣና ከአልክሜና ሄራክለስን ወለደ። ስለዚህ በአባት ሲቆጠር ሁለቱ ጀግኖች የአንድ አባት ልጆች ናቸው። በእናት ሲቆጠር ግን ፐርሴዎስ ለሄራክለስ ቅድመ አያቱ ነው። አልክሜናም ለዜውስ የልጁ የልጅ ልጅ ናት ማለት ነው። መልሷ ጥርት ያለ ነበር። ክሩ እዚያው ላይ ሊያልቅ ይችል ነበር።

መልስ 3

ይኼኛው ተሳታፊ በነገሩ ደነገጠ። ዜውስ የልጅ ልጁን ልጅ እንዴት አላወቃትም ብሎ ጠየቀ። ጥያቄው የዋህ ቢሆንም መልስ አመጣ።

መልስ 4

ዜውስ ማንነቷን አሳምሮ ያውቅ ነበር አለ መላሹ። የመጣውም የባሏን የአምፊትሪዮንን መልክ ይዞ ነው። አምፊትሪዮን ከጦርነት ሊመለስ የአንድ ሌሊት መንገድ ቀርቶት ነበር። ዜውስ ቀደመው። ባልየው ሲደርስ ሚስቱ ትናንት መጥተህ የለም እንዴ በሚል ዓይን አየችው። ከዚያ መንታ ተወለዱ። ሄራክለስ የዜውስ፣ ኢፊክሌስ የአምፊትሪዮን። መላሹ የእናት ሆድ ዥንጉርጉር የሚለውን ተረት እዚህ ላይ አመጣው፤ በቦታው ነው። አንድ ነገርም ጨመረ። አምፊትሪዮን ራሱ የፐርሴዎስ የልጅ ልጅ ነው፤ አባቱ አልካዮስ የኤሌክትሪዮን ወንድም ነው። ባልና ሚስቱ የወንድማማች ልጆች ናቸው።

መልስ 5

ትሕትና የተሞላበት እርማት። በአፖሎዶሮስ ስም በሚታወቀው የተረት ስብስብ ላይ የአልክሜና እናት አናክሶ ትባላለች። አናክሶ ደግሞ የአልካዮስ ልጅ፣ የአምፊትሪዮን እህት ናት። እንግዲህ አምፊትሪዮን ለሚስቱ የአጎቷ ልጅ ብቻ ሳይሆን የእናቷም ወንድም ነው። ኤሌክትሪዮን የወንድሙን ልጅ አግብቷል። ጸሐፊው ይህን ካስረዳ በኋላ ስህተት ካለብኝ ይታረም ብሎ ጨረሰ። ስህተት የለበትም።

መልስ 6

አንዲት አዋላጅ ነርስ የኢዩሪስቴዎስን ታሪክ ነገረችን። እኔ ከክሩ ውስጥ በጣም የወደድኩት ይህን ነው። በጥንቱ የግሪክ ባለቅኔ በሆሜር ኢሊያድ 19ኛ ክፍል ላይ ዜውስ ይምላል። ዛሬ ከእኔ ደም የሚወለደው ልጅ በዙሪያው ባሉት ሁሉ ላይ ይነግሣል ይላል። ያሰበው ሄራክለስን ነው። ሚስቱ ሄራ ግን ቀልጠፍ ብላ ወደ አርጎስ ወረደች። እዚያ የስቴኔሎስ ሚስት የሰባት ወር እርጉዝ ነበረች። ስቴኔሎስም የፐርሴዎስ ልጅ ነው፤ ስለዚህ ፅንሱ የዜውስ ደም አለው። ሄራ ያንን ልጅ ያለ ጊዜው አስወለደችው፤ የአልክሜናን ምጥ ደግሞ ያዘችው። የሰባት ወሩ ልጅ ኢዩሪስቴዎስ ንጉሥ ሆነ። ሄራክለስ ለእሱ አገልጋይ ሆኖ እነዚያን ከባድ ሥራዎች ሠራ። የሚያዝዘው ጠላት የእናቱ የአጎት ልጅ ነው።

ነርሷ ሰባት ወር ላይ ተወልደው በእጇ ስላደጉላት ሕፃናትም አወራች። ጉዳዩ ከርዕሱ ቢወጣም ማንም አላቋረጣት። መጨረሻ ላይ ወደ ነገሩ ተመለሰችና ሄራክለስ ከሞት በኋላ ወደ ኦሊምፖስ ወጥቶ ሄቤን እንዳገባ አስታወሰችን። ሄቤ የዜውስና የሄራ ልጅ ናት። ዕድሜውን ሙሉ ያሳደደችው እንጀራ እናቱ አማቱ ሆነች።

መልስ 7

እዚህ ላይ ከጎንደር የሚጽፍ አንድ ሰው የጠበቅኩትን ጠየቀ። ኤሌክትሪዮን፣ አልካዮስ፣ ስቴኔሎስ እያላችሁ የፐርሴዎስን ልጆች ትጠራላችሁ፤ እናታቸው ማን ናት? ስድስት መልስ አልፎ ስሟን ያነሳ አልነበረም።

መልስ 8

እናታቸው አንድሮሜዳ ናት። መላሿ ታሪኩን ከሥሩ አወራችው። አባቷ ኬፌዎስ የኢትዮጵያ ንጉሥ፣ እናቷ ካሲዮፔያ ንግሥት ናቸው። ካሲዮፔያ ከባሕር ልጃገረዶች እበልጣለሁ ብላ በውበት ተመጻደቀች። የባሕሩ አምላክ ፖሲዶን ጎርፍና አውሬ ላከ። የግብፁ አምላክ የአሞን ነቢይ ሲጠየቅ ልጅቷ ለአውሬው ካልተሰጠች አገሩ አይድንም አለ። ከባሕር ዳር ቋጥኝ ላይ በሰንሰለት አሰሯት። ፐርሴዎስ ክንፍ ባለው ጫማ እየበረረ፣ ያየውን ሁሉ ድንጋይ የሚያደርገውን የሜዱሳን ራስ በከረጢት ይዞ ሲያልፍ አያት።

መላሿ አንድ ነገር ላይ ቆም ብላለች፤ እኔም አብሬያት እቆማለሁ። ፐርሴዎስ መጀመሪያ ወደ አውሬው አልሄደም። ወደ አባትዮው ሄዶ ተዋዋለ። አውሬውን ከገደልኩ ልጅህን ትሰጠኛለህ አለ፤ ኬፌዎስም ማለለት። ልጅቷ በሰንሰለት ታስራ ሽማግሌ ተላከ ማለት ይቻላል። ከዚያ በፊት የታጨችው ደግሞ ለገዛ አጎቷ፣ ለአባቷ ወንድም ለፊኔዎስ ነበር። ፊኔዎስ አውሬው ሊበላት ሲል ድምፁ አልተሰማም። አውሬው ሲሞት ግን እጮኛዬ ናት ብሎ ሰው አስከትሎ መጣ። ፐርሴዎስ ከረጢቱን ከፈተ፤ ሁሉም ድንጋይ ሆኑ።

መልስ 9 እና 10

ዘጠነኛው በደስታ ዘለለ። ሄራክለስ የኢትዮጵያዊት የልጅ ልጅ ልጅ ነዋ አለ። ዐሥረኛው ወዲያው ቀዝቃዛ ውኃ ቸለሰበት። የግሪኮች ኢትዮጵያ የዛሬዋ አገር አይደለችም አለ። በሆሜር ኦዲሲ መጀመሪያ ላይ ኢትዮጵያውያን በዓለም ዳርቻ፣ ግማሾቹ ፀሐይ በምትወጣበት ግማሾቹ በምትጠልቅበት ይኖራሉ። የጥንቱ የግሪክ ታሪክ ጸሐፊ ሄሮዶቱስ ደግሞ ከግብፅ በስተደቡብ ያደርጋቸዋል፤ ከተማቸውንም ሜሮዌ ይላታል። ሜሮዌ ዛሬ ሱዳን ውስጥ ናት። የሰው ታሪክ አትንጠቁ ብሎ ዘጋ።

መልስ 11

የታሪክ መምህር የሆነ ተሳታፊ መሐል ገባ። ዐሥረኛው ያለው ልክ ነው፤ ግን ሙሉ አይደለም አለ። የአክሱሙ ንጉሥ ኢዛና በ4ኛው መቶ ዘመን ባስቀረጸው የግሪክኛ ጽሑፍ ኢትዮጵያውያን ከሚገዛቸው ሕዝቦች መካከል ተጠርተዋል። ስሙ እንዲያው በቅርብ ጊዜ የመጣ አይደለም። ሆኖም የአንድሮሜዳ ታሪክ ከኢዛና በብዙ መቶ ዓመት ይቀድማል። ተረቱ ሲፈጠር ግሪኮች ኢትዮጵያ ያሉት አገር ድንበሩ የማይታወቅ የሩቅ አገር ነበር። በእኔ አስተያየት በዚህ ጉዳይ ላይ ከተባለው ሁሉ ሚዛኑን የጠበቀው ይህ ነው።

መልስ 12

ሚዛን አልፈለገም። ዐሥረኛውን እርስዎ ማለት ትቶ አንተ ማለት ጀመረ፤ አገርህን የምትጠላ ነህ ወደሚል ሄደ። ዐሥረኛውም አልተኛለትም። አራት አምስት መስመር ተሰዳደቡ። አወያዩ ሁለቱን አስጠንቅቆ የስድቡን ክፍል አነሳው። ጥሩ አደረገ።

መልስ 14

እስራኤል ውስጥ፣ ቴል አቪቭ አጠገብ የምትኖር እህታችን ጸጥታውን ሰበረች። እኔ በምኖርበት ሰፈር ሰው አንድሮሜዳን የሚፈልጋት ሱዳንም አክሱምም አይደለም አለች። ያፋ ወደብ ፊት ለፊት ከውኃው ብቅ ያለ ቋጥኝ አለ፤ የአንድሮሜዳ ዐለት ይባላል። ቅዳሜ ቅዳሜ ልጆቿን ይዛ ትሄዳለች፤ አሳ አጥማጆች ከግንቡ ላይ ሆነው መስመራቸውን ወደዚያ ይወረውራሉ። ወሬው የዛሬ አይደለም። የአይሁድ ታሪክ ጸሐፊው ዮሴፉስ በ1ኛው መቶ ዘመን የሰንሰለቱ ምልክት በያፋ ዐለት ላይ ይታያል ብሎ ጽፏል። ሮማዊው ፕሊኒ ደግሞ ማርቆስ ስካውሩስ የተባለ ባለሥልጣን የአውሬውን አጥንት ከያፋ አምጥቶ ሮም ላይ ለሕዝብ እንዳሳየ ይናገራል። ርዝመቱ 40 ጫማ፣ የጎድን አጥንቱ ከሕንድ ዝሆን ከፍ ያለ፣ የጀርባ አጥንቱ ውፍረት አንድ ጫማ ተኩል። የዓሣ ነባሪ አጥንት ሳይሆን አይቀርም ብላ ገምታለች፤ እኔም እንደዚያው ይመስለኛል።

መልስ 15

ያፋ ማለት መጽሐፍ ቅዱስ ላይ ያለችው ኢዮጴ ናት አለ አንዱ። ነቢዩ ዮናስ መርከብ የተሳፈረው ከዚያው ወደብ ነው፤ እሱንም ታላቅ ዓሣ ውጦታል። ከዚያ ሦስት መልስ ያህል ስለ ዮናስ ሆነ፤ አንዱም ጴጥሮስ በኢዮጴ ቁርበት ፋቂው ስምዖን ቤት ማደሩን ጨመረ። ደስ የሚል ወሬ ነበር፤ ግን ከጉዳያችን ራቅን።

መልስ 19

የታሪክ መምህሩ መለሰን። ሄሮዶቱስ ኬፌዎስን የቤሎስ ልጅ ይለዋል። ቤሎስ ደግሞ የፐርሴዎስም ቅድመ ዘር ነው። መምህሩ ሁለቱንም መስመር ጎን ለጎን አደረጋቸው። በአንድ በኩል ቤሎስ ዳናዎስን፣ ዳናዎስ ሂፐርምኔስትራን፣ ሂፐርምኔስትራ አባስን፣ አባስ አክሪሲዮስን፣ አክሪሲዮስ ዳናኤን፣ ዳናኤ ፐርሴዎስን። በሌላ በኩል ቤሎስ ኬፌዎስን፣ ኬፌዎስ አንድሮሜዳን። ፐርሴዎስ ስድስተኛ ትውልድ ነው፤ አንድሮሜዳ ሁለተኛ። አንድሮሜዳ ለባሏ ለቅድመ አያቱ እናት የአጎት ልጅ ሆነች። በእኛ አገር ልማድ እስከ ሰባት ቤት ተቆጥሮ ነው ጋብቻ የሚፈቀደው፤ የእነሱ በአንድ ወገን ስድስት፣ በሌላው ሁለት ብቻ ነው አለ። ሽማግሌዎቹ እዚያው ይበትኑት ነበር።

ስለ ሂፐርምኔስትራ አንድ ቃል ልጨምር። አምሳዎቹ የዳናዎስ ልጆች በሠርጋቸው ሌሊት ባሎቻቸውን እንዲገድሉ በአባታቸው ታዘዙ። አርባ ዘጠኙ ገደሉ። ባሏን ሊንኬዎስን ያተረፈችው እሷ ብቻ ናት። ባትምረው ኖሮ ፐርሴዎስም ሄራክለስም አይኖሩም። በዚህ ቤተሰብ ውስጥ ዘሩ የሚያልፈው ሁልጊዜ በአንዲት ሴት ጠባብ በር ነው፤ ሂፐርምኔስትራ፣ ዳናኤ፣ አንድሮሜዳ፣ አልክሜና።

መልስ 20

በክሩ ውስጥ ከሁሉ ጠንካራው ተቃውሞ። ይህ ሁሉ የአሕዛብ ተረት ነው፤ ትውልዱ እንኳን አይገጥምም፤ ቅዱስ ጳውሎስ ለጢሞቴዎስ ከተረትና መጨረሻ ከሌለው የትውልድ ቆጠራ ራቅ ብሎታል፤ እናንተ ምን ቤት ናችሁ ብሎ ገሠጸን። ቃሉ ከበድ ያለ ነበር፤ ግን ከልቡ እንደተናገረ ያስታውቃል።

መልስ 21

የመለሰለት ሰው የቤተ ክህነት ትምህርት ያለው ይመስላል፤ በአክብሮት ነው የተናገረው። የኒቅዮስ ጳጳስ የዮሐንስ ዜና መዋዕል በ17ኛው መቶ ዘመን መጀመሪያ ላይ ከዐረብኛ ወደ ግእዝ ተተረጎመ። ዛሬ መጽሐፉ የተረፈው በግእዝ ብቻ ነው። ያ መጽሐፍ ሲጀምር ከአዳም ልጆች ቀጥሎ ክሮኖስንና ዜውስን እንደ ጥንት ሰዎችና ነገሥታት አድርጎ ያነሳቸዋል። አባቶቻችን አማልክት ናቸው ብለው ሳይቀበሏቸው ታሪካቸውን ግን አንብበዋል፣ ገልብጠዋል፣ ጠብቀዋል። ማወቅና ማምለክ ለየቅል ናቸው አለ። ሃያኛው መልስ አልሰጠም። እኔ ግን ይህን መልስ ሳነብ ብድግ ብዬ ማጨብጨብ ነበር የቀረኝ።

መልስ 23 እና 24

ለንደን የሚኖር አንድ ወንድም ዋላስ ኮሌክሽን በተባለው ሙዚየም ያየውን የቲሺያን ሥዕል ገለጸልን። በ1550ዎቹ የተሣለ ነው። አንድሮሜዳ በግራ በኩል እጇ በሰንሰለት ታስሯል፤ ፐርሴዎስ ከሰማይ በራሱ ተዘቅዝቆ ይወርዳል፤ አውሬው አፉን ከፍቶ ይጠብቀዋል። ልጅቷ ግን እንደ ወተት የነጣች ናት፤ የኢትዮጵያ ንጉሥ ልጅ ተብላ። ይህ አናደደው። ቀጣዩ መላሽ ሮማዊው ባለቅኔ ኦቪድ በአንዱ ግጥሙ አንድሮሜዳ በአገሯ መልክ ጠይም እንደነበረች፣ ፐርሴዎስም እንዲያው እንደወደዳት መናገሩን አስታወሰ። ያው ኦቪድ በሌላ ቦታ ከእብነ በረድ ሐውልት ጋር ያመሳስላታል። ቦስተን ሙዚየም ባለ የ5ኛው መቶ ዘመን ከክርስቶስ ልደት በፊት የግሪክ ማሰሮ ላይ ደግሞ የሚያጅቧት ሰዎች ጥቁር አፍሪካውያን ናቸው፤ እሷ ግን አይደለችም። ሠዓሊዎቹ ከጥንትም አልተስማሙም።

መልስ 25

የኮከብ ወዳጅ የሆነ ልጅ በኅዳር ወር፣ ከምሽቱ 3 ሰዓት ገደማ ፊታችንን ወደ ሰሜን እንድናዞር ነገረን። ካሲዮፔያ አምስት ኮከብ ሆና እንደ ተገለበጠ «ሠ» ትታያለች። ባሏ ኬፌዎስ ከሥሯ አለ። ልጇ አንድሮሜዳ ከፍ ብላ ከራሳችን በላይ ትሆናለች፤ ፐርሴዎስም በምሥራቅ በኩል ይከተላታል። መላው ቤተሰብ ሰማይ ላይ ነው ያለው። መብራት በሌለበት ገጠር ያለ ሰው በአንድሮሜዳ ወገብ አካባቢ ደብዘዝ ያለች ጭጋግ ያያል። ያቺ 2.5 ሚሊዮን የብርሃን ዓመት ያህል የምትርቅ ሌላ ጋላክሲ ናት።

መልስ 27

ይህ የእኔ ነው። መጀመሪያ የደበቅኩትን እዚህ ላይ አወጣሁት። አንድሮሜዳ የመጀመሪያ ልጇን ፐርሴስን ከወለደች በኋላ፣ ኬፌዎስ ወንድ ልጅ ስላልነበረው ልጁን እዚያው አያቱ ዘንድ ትተውት ሄዱ። ሄሮዶቱስ ፋርሶች ስማቸውን ያገኙት ከዚህ ልጅ ነው ይላል። ሌሎቹ ልጆች ግሪክ አገር ተወለዱ። ከኤሌክትሪዮን ዘር ሄራክለስ መጣ፤ የስፓርታ ነገሥታት ሁለቱም ቤት ራሳቸውን የሄራክለስ ልጆች ይሉ ነበር። ሄሮዶቱስ የስፓርታውን ንጉሥ የሌዮኒዳስን አባቶች እየጠራ እስከ ሄራክለስ ያደርሳቸዋል።

አሁን ግሪኮችና ፋርሶች የተዋጉበትን ቴርሞፒሌን አስቡ፤ ከክርስቶስ ልደት በፊት 480 ዓመት። ከዚህ ወገን ሌዮኒዳስ፣ ከዚያ ወገን የፋርሱ ንጉሥ ዜርክስስ። ግሪኮች ራሳቸው በሚያወሩት መሠረት ሁለቱም የአንዲት ሴት ዘር ናቸው። ያቺ ሴት ደግሞ የኢትዮጵያ ንጉሥ ልጅ ናት። እኛ ሁላችን ግን ቋጥኝ ላይ ታስራ የምትጮህ ልጅ አድርገን ብቻ ነው የምናውቃት። የሰባት ልጆች እናት ናት እኮ። ሚኬኔን የገዛው ቤት እናት ናት። ያ ያንገበግበኛል፤ ጥያቄውን ያነሳሁትም ለዚሁ ነው።

መልስ 28

የታሪክ መምህሩ ጠበቅ አድርጎ አረመኝ ሳይሆን አሟላልኝ። ይህን የሚሉት ግሪኮች እንጂ ፋርሶች አይደሉም አለ። የዜርክስስ አባት ዳርዮስ በቢሱቱን ገደል ላይ ባስቀረጸው ጽሑፍ አባቶቹን ሲቆጥር አካሜኔስ ላይ ያበቃል፤ ፐርሴስ የለም። ግን ወሬው ሥራ ሠርቷል። ዜርክስስ ከዘመቻው በፊት ወደ አርጎስ መልእክተኛ ልኮ እኛ የፐርሴስ ልጆች የእናንተው ዘመዶች ነንና ልንዋጋ አይገባም አላቸው የሚል ታሪክ በግሪክ ይወራ ነበር፤ ሄሮዶቱስ ጽፎታል። አርጎስም በዚያ ጦርነት ከግሪኮቹ ጋር አልተሰለፈችም። የዘር ሐረግ ያኔ የፖለቲካ መሣሪያ ነበር። ስለዚህ ነው ልዩ ልዩ ቅጂ ያለው።

መልስ 30

የሒሳብ አስተማሪዋ ተመለሰችና እስክንድርን አነሳች። እሱም የሄራክለስና የፐርሴዎስ ዘር ነኝ ይል ነበር። ከክርስቶስ ልደት በፊት በ331 በረሃውን አቋርጦ ግብፅ ውስጥ ሲዋ ድረስ ሄዶ አሞንን ሲጠይቅ አንዱ ምክንያቱ እነሱን መከተል እንደነበር የጥንቱ ታሪክ ጸሐፊ አሪያን ይናገራል። አንድሮሜዳ ትታሰር ብሎ የፈረደው ያው አሞን ነው። ይህን እስከዚያ ሰዓት ማናችንም አላገናኘነውም።

መልስ 32

አንዱ ስለ ሜምኖን ተቆጣ። የኢትዮጵያውያን ንጉሥ ሜምኖን የትሮይ ተዋጊ ነው፤ አባቱ ቲቶኖስ የትሮይ ንጉሥ የፕሪያም ወንድም ስለሆነ ለፕሪያም ልጅ ለሄክቶር የአጎት ልጅ ነው፤ እንዴት ሠላሳ መልስ ሙሉ ስሙ አይነሳም አለ። ልክ ነው። አወያዩ ለብቻው ክር ይከፈትለት አለ፤ ተከፈተም።

መልስ 33 እና 34

የመጨረሻውን የተናገረችው አዋላጇ ናት። ከሰባቱ ልጆች አራት ወንዶች ጠራችሁ፣ ሴቷን ረሳችኋት አለች። የአንድሮሜዳ አንዷ ሴት ልጅ ጎርጎፎኔ ናት። ባሏ ፔሪዬሬስ ሲሞት ኦይባሎስን አገባች። ባሏ ከሞተ በኋላ ዳግመኛ ያገባች የመጀመሪያዋ ሴት እሷ ናት ተብሎ በጥንቱ ተጓዥ በፓውሳኒያስ ተጽፏል። መቃብሯም በአርጎስ ገበያ፣ የሜዱሳ ራስ ተቀብሮበታል ከተባለው የአፈር ክምር አጠገብ ነበር። በአፖሎዶሮስ መጽሐፍ ቲንዳሬዎስና ኢካሪዮስ ልጆቿ ናቸው። ከቲንዳሬዎስ ባሏን አጋሜምኖንን የገደለችው ክሊተምኔስትራ ተወለደች። ከኢካሪዮስ ደግሞ ባሏን ኦዲሴዎስን ሃያ ዓመት የጠበቀችው ፔኔሎፔ። ሁለቱም የአንድሮሜዳ የልጅ ልጅ ልጆች ናቸው።

መምህሩ በመልስ 34 አንድ ማስተካከያ አደረገ። ፓውሳኒያስ ቲንዳሬዎስን የሁለተኛው ባል የኦይባሎስ ልጅ ያደርገዋል፤ አፖሎዶሮስም ኢካሪዮስን ከሌላ እናት የሚወልዱት እንዳሉ ይጠቅሳል። ፔኔሎፔ ላይ ጥርጣሬ አለ ማለት ነው። ክሊተምኔስትራ ላይ ግን አባቱ ማንም ይሁን ማን፣ እናቲቱ ጎርጎፎኔ ከሆነች መስመሩ አይበጠስም።